ድምፅ አልባ

ሙሐረቅ። ሐምሌ ነው። ሌሊቱ ያልበዋል፤
ከግንቡ ማዶ ባሕሩ እንደ በሽተኛ ይተነፍሳል።
አቡ ረሺድ ጆሮው ከተደፈነ ሰባተኛ ዓመቱ፤
ከኪኒኑ ይልቅ ፊልም ሆነ መድኃኒቱ፣
በወጣትነቱ ከማርሴይ ወደብ ያመጣው፣
ዝገት የበላው ቆርቆሮ፣ ውስጡን የሰው ፊት የሞላው።
«እሱ ድምፅ የለው፣ እኔ ጆሮ የለኝ፤
ተካክለናል» ይላል፤ «ነይ፣ ቁጭ በይ፣ አጫውቺኝ።»

ቁጭ እላለሁ ከምንጣፉ ጫፍ፣
በፓስፖርቴ ሐያት፣ ብርቄ በናቴ አፍ።
«ስምም ሻንጣ ነው፤ ሲከብድ ይጣላል» ያለኝ ደላላ
ደሴ መናኸሪያ ነው፣ ሻይ እያማሰለ፤ እኔም አላልኩ ሌላ።

ግድግዳው ላይ ብርሃን።
አንዲት ፈረንሳዊት፣ አንገተ ረጅም፣ መስኮት ሥር ተቀምጣ
ደብዳቤ ትስማለች፣ ጦር ሜዳ ካለ ወታደር የመጣ።
ከዚያ ጥቁር ገጽ፣ ነጭ ጽሑፍ፣ የማላውቀው ፊደል፤
አቡ ረሺድ፣ የገዛ ድምፁን ስለማይሰማ፣ እየጮኸ ያነብልኛል፦
«ደኅና ነኝ ይላታል። በጋው ሳይወጣ እመጣለሁ ይላል።»

እኔ ግን አየሁ።
ጓደኛውን አየሁት፣ አንድ እጅ የቀረውን፣ በሻማ ሲጽፍ፣
የሟቹን ፊርማ እያስመሰለ ወረቀት ሲያጥፍ።
ከንፈር ሲንቀጠቀጥ ፊደል አያሻም፤
«ሞቷል እኮ!» አልኩ ባማርኛ። ለማን? ቤቱ አይሰማም።

መጨረሻው ላይ ሴቲቱ፣ እንደለበሰች ቀሚስ፣
ውኃው ውስጥ ገባች፣ ደረቷ እስኪደርስ።
ጽሑፍ ወጣ። አቡ ረሺድ ጥቂት ዝም አለና፣
«መርከቡን ልትቀበል ነው» አለ፤ «መጥቷል፤ ይኸውና!»

ቀን ቀን መርፌ የምትወጋው የሞሮኮ ነርስ፣ ኢልሃም፣
ፈረንሳይኛ ታውቃለች። «የምን መርከብ? መርከብ የለም።
ጽሑፉ የሚለው ‹ለሞተ ሰው ስጽፍ ኖርኩ› ነው።»

አልተቀየምኩትም። እኔም እዋሸዋለሁ።
ዓርብ ዓርብ በትንሿ ሰሌዳው ላይ እጽፍለታለሁ፣
በለቃቀምኳት የዐረብ ፊደል፣ በጠማማ፦
«ረሺድ ደውሏል። ናፍቀኸዋል።» የልጁ ስልክ ግን ከረመዳን ወዲህ አልተሰማ።

ለእኔም ይመር አለኝ።
ከጂዛን ድምፁን ይልካል፣ በየሳምንቱ፤
ፊቱን ካየሁ ሦስት ዓመት፤ ድምፁ ነው እንግዲህ ፊቱ።
«ብርቄ፣ ትንሽ ታገሺ፤ ቤቱ ጣራ ብቻ ነው የቀረው፤
ብሩን በጓደኛዬ ስም ላኪው፣ በአራጋው።»

ፊልሙን ደግመን ባየን ሌሊት፣
ጣራ ላይ ወጥቼ፣ ከውኃ ታንከሩ ሥር፣ ድምፁን ከፈትኩት።
ከቃሉ ኋላ አንድ ዶሮ ጮኸ። አንድ ሰው ሁለቴ ሳለ።
ባልዲ ወደቀ።
ያለፈውን ሳምንት ከፈትኩ። ዶሮው ጮኸ። ሰውዬው ሳለ።
የመጋቢቱን ከፈትኩ።
ያው ዶሮ። ያው ሳል። ያው ባልዲ።
ቃሉ ብቻ እንደ ፊልም ተቆራርጦ፣ ኋላው ፊት፣ ፊቱ ኋላ ተቀጥሎ።

ስንት ወር ሆነህ፣ ይመር፣ ባንድ ጠዋት ውስጥ ስትኖር?
ጠዋትህ መቼ መሸ? የየትኛው ድንበር
አሸዋ ነው አፍህን የሞላው?
አራጋውስ፣ ለእኔ አዝኖ ነው? ወይስ ለቆርቆሮው?

ባሕሩ ቅርብ ነው። ሁለት መንገድ መሻገር።
ሴቲቱን አሰብኳት፣ ቀሚሷ በውኃ ሲወጠር።
ግን ዘጠኝ ሰዓት ሆኗል፤ የአቡ ረሺድ ኪኒን ሰዓት።
ወረድኩ።

ነቅቷል። ዓይኔን አየ። ፊት ማንበብ ለምዷል፤ አልጠየቀኝም።
ስልኩን መዳፉ ላይ አኖርኩ፣ ድምፁን እስከ ጥግ ከፍቼ፣
የሱን ጣቶች በላዩ አጠፍኩ፣ በጣቶቼ።
ይመር ተናገረ። የሽማግሌው ቆዳ ተርገበገበ።
መዳፉ ውስጥ ዶሮ ጮኸ፤ መዳፉ ውስጥ ባልዲ ወደቀ።
«መልካም ድምፅ ነው!» አለ እየጮኸ። «ምን ይላል?»

ሰሌዳውን አነሳሁ። ፊደሌ ጠማማ ነው፤ ይሁን፤ ይነበባል፦
«መርከብ ላይ ነኝ ይላል።»